አሥራ አንድ ፍሬ ቦሎቄ

ጋራዥ አጠገብ ሳልፍ ግራሶ ከሸተተኝ ቀኝ እጄ ሳላዘው ኪሴ ውስጥ ይገባል። ኪስ ከሌለኝ ነጠላዬ ሥር ይደበቃል። ልጄ ሰላም ይህን ልማዴን ታውቃለች። «እማዬ ደግሞ እጇን ደበቀች» እያለች ትስቅብኛለች። ምክንያቱን ግን ነግሬያት አላውቅም ነበር።

ከሁለት ሳምንት በፊት የክትባት ካርዷን ፍለጋ ሳጥኔን ስትበረብር አንድ አሮጌ ፎቶ አገኘች። አምስት ልጃገረዶች የአገር ልብስ ለብሰው፣ ደረታቸው ላይ ቁጥር የተጻፈበት ወረቀት ተለጥፎ፣ በአዳራሽ ደጃፍ ተሰልፈዋል። ከኋላቸው በሩን የሞላው ሰው ይታያል። ከፊታቸው አንዲት ትንሽ ልጅ አለች።

«ይቺ ሹራብ የለበሰችው አንቺ ነሽ?»

«ነኝ።»

«እጅሽን ምን ሆነሽ ነው ኪስሽ ውስጥ የወሸቅሽው?»

«በርዶኝ።»

«በስልኬ አንስቼ ልልቀቀው? አክስቴ ስንዱ እንዲህ ቆንጆ ነበረች ለካ።»

«እንዳትነኪው» አልኳት። ድምፄ ለራሴም ጎረበጠኝ። ልጄ ፎቶውን ቀስ ብላ ሳጥኑ ላይ አስቀምጣ ወጣች።

እኔ የተማርኩት እስከ ስድስተኛ ክፍል ነው፤ መጻፍም ብዙ አልለመድኩም። ይሁን እንጂ እንደሆነው አድርጌ ላስቀምጠው።

ስምንት ዓመቴ ነበር። የምንኖረው መርሳ፣ ከዋናው መንገድ ገባ ብሎ፣ ፓፓያ ከበቀለበት ግቢ ነው። እናታችን ከሞተች ሁለት ዓመት ሆኗታል። አባታችን ሙላት መካኒክ ነበር፤ እጁ በሳሙና ቢታጠብ በናፍጣ ቢታሽ የአውራ ጣቱ ጥቁረት አይለቅም። እታለም የምላት ታላቅ እህቴ ስንዱ አሥራ ስምንት ሞልቷታል። ጸጉሬን የምትሠራኝ፣ እግሬን የምታጥበኝ፣ ትምህርት ቤት ድረስ የምትሸኘኝ እሷ ነበረች። የምንተኛውም አንድ ላይ ነው። የቀሚሷን ጫፍ በጣቴ ጠቅልዬ ካልያዝኩ እንቅልፍ አይወስደኝም። እናቴ የሞተችው እኔ ተኝቼ ሳለሁ ስለነበር፣ ሰው የሚሄደው ሲለቁት ነው ብዬ አምን ነበር።

በዚያን ጊዜ መስቀል ካለፈ በኋላ ባለው እሑድ የሰፈሩ ወጣቶች በአዳራሹ የቁንጅና ውድድር ያዘጋጁ ነበር። ዛሬ ሰላም ስልኳን በአውራ ጣቷ እየገፋች ቁጭ ብላ መቶ ቆንጆ ታያለች። ያኔ ቆንጆ ማየት የፈለገ ሰው ልብሱን አጥቦ፣ ጸጉሩን አበጥሮ፣ በር ላይ ተሰልፎ መግባት ነበረበት። ሦስት ዳኞች አስቀድመው አምስት ልጆች ይመርጣሉ። ከአምስቱ አንዷን የሚመርጠው ግን ሕዝቡ ነው፣ ያውም በቦሎቄ። ለሚገባ አዋቂ ሁሉ በር ላይ አንድ ፍሬ ነጭ ቦሎቄ ይሰጠዋል። መድረኩ ጥግ፣ በአንሶላ ከተጋረደው ቦታ፣ ከአንድ እስከ አምስት ቁጥር በቀይ ቀለም የተጻፈባቸው ባዶ የወተት ዱቄት ጣሳዎች ይደረደራሉ። ሰው አንድ በአንድ ከመጋረጃው ኋላ ገብቶ ፍሬውን ለወደዳት ልጅ ይጥላል። ማን ለማን እንደሰጠ አይታይም። ጎረቤት ከጎረቤት እንዳይቀያየም ነው ይሉ ነበር።

ያሸነፈችው ልጅ ለሽልማት ወልድያ ሄዳ ስድስት ወር የጽሕፈት መኪና ትማራለች። እታለም የአሥረኛ ክፍል ፈተና ወድቃ ቤት ከዋለች ዓመት አልፏታል፤ የቀራት መንገድ ያ ብቻ ነበር። ይህን ሁሉ ያወቅሁት ካደግሁ በኋላ ነው። ያኔ የማውቀው ሌላ ነገር ነበር። ባለፈው ዓመት ያሸነፈችው የጎረቤታችን ልጅ ደብሬ የወልድያ አውቶብስ ላይ ስትወጣ በዓይኔ አይቻለሁ፤ ስትመለስ ግን አላየሁም። በዚያው ዓመት የእናቷ ሣር ቤት ፈርሶ ቆርቆሮ ለበሰ። ደብሬ ለካ እዚያው ሾፌር አግብታ፣ ቆርቆሮውን ያለበሰው ባሏ ነው። ለልጅ ማን ይነግራል?

እታለም መወዳደር እንደምትፈልግ ራት ላይ በዘወርዋራ አነሳችው።

«አባዬ፣ ዘንድሮም ያ ውድድር አለ አሉ።»

አባዬ ጉርሻውን ሳህኑ ላይ መለሰው። «የኔ ልጅ ቁጥር ተለጥፎባት ሰው ፊት አትዞርም። በግ ናት?»

ከዚያ ወዲያ አላነሳችውም። ትታው ግን አልነበረም። በማግስቱ ከእናታችን ሳጥን አንድ ቀሚስ አውጥታ፣ በፌስታል ጠቅልላ፣ ልብስ ሰፊዋ እማማ ዘሃራ ቤት ይዛኝ ሄደች። ጥለቱ አረንጓዴ የሆነ፣ እናታችን ለጥምቀት ትለብሰው የነበረ ቀሚስ ነው። እማማ ዘሃራ ዘርግተው ካዩት በኋላ መነጽራቸውን አወለቁ።

«ሙላት ያውቃል?»

«አያውቅም፣ እማማ።»

«ወላሂ አንቺ ልጅ ታጣይኛለሽ» አሉና ሜትራቸውን አንገታቸው ላይ አደረጉ። «ነይ ወዲህ። ወገብሽ ከእናትሽ ይቀጥናል።»

እታለም እየተለካች ወደ እኔ ዞረች። «ለአባዬ እንዳትነግሪ። ማርያምን በይ።»

«ማርያምን።»

ያን ቀን የማልኩት መሐላ ለሦስት ሳምንት ጉሮሮዬ ላይ እንደ አጥንት ቆመ።

ዳኞቹ አምስቱን የሚለዩበት ቀን ተከትያት ሄጄ በአዳራሹ መስኮት አጮለቅሁ። ነጭ ጋወን የለበሰች ሴት የልጆቹን ጥርስ ታያለች። አንድ ሰው ቁመታቸውን በሜትር ይለካል። «ሂጂ እስቲ። ዙሪ። ተመለሽ» ይላል ሦስተኛው። እኔ ይህን ነገር አውቀዋለሁ። ለእንቁጣጣሽ በግ ልንገዛ ከአባዬ ጋር ገበያ ወርጄ ነበር። ገዢው የበጉን ከንፈር ገልጦ ጥርሱን ያያል፤ ወዲያና ወዲህ ያስኬደዋል፤ ጀርባውን ይዳብሳል። ሲስማሙ ጀርባው ላይ ቀይ ቀለም ይቀባል። እህቴ ጥርሷን አሳየች። ሄደች፣ ዞረች፣ ተመለሰች። ሰውዬው በቀይ ቀለም አራት ቁጥር የተጻፈበት ወረቀት ሰጣት። እሷም ሳቀች።

አባዬ «በግ ናት?» ያለው ለዚህ ነው አልኩ በልቤ። የደብሬ እናት ቆርቆሮም ከየት እንደመጣ ገባኝ።

እየሮጥኩ እማማ ዘሃራ ዘንድ ሄድኩ። የስፌት መኪናቸውን በእግራቸው እየነዱ ቀሚሱን ይሰፋሉ።

«እማማ፣ ያሸነፈችውን ማን ነው የሚወስዳት?»

«ወልድያ ናታ። ወልድያ ነው የምትሄደው።»

«ትመለሳለች?»

እማማ ዘሃራ ክሩን በጥርሳቸው በጠሱ። «ኸይር ካገኘች ምን ልታደርግ ትመለሳለች? እዚህ ምን አላት?»

እኔ አለሁ ልላቸው ፈልጌ ነበር።

ውድድሩ ሦስት ቀን ሲቀረው፣ በገበያ ቀን፣ የአባዬን ምሳ ይዤ ጋራዥ ሄድኩ። አባዬ ከጭነት መኪና ሥር በጀርባው ተኝቶ፣ የሚታየኝ እግሩ ብቻ ነው። ሳህኑን ጠረጴዛው ላይ ሳስቀምጥ ከላይ በኩል ሞንታርቦ የተጫነበት ፒካፕ ሲመጣ ሰማሁ።

«የፊታችን እሑድ ከቀኑ ስምንት ሰዓት በአዳራሹ። የዘንድሮ ተወዳዳሪዎች፤ ቁጥር አንድ...»

ስም እየጠሩ ነው የሚመጡት። አባዬ ካወቀ እታለምን ይመታታል ብዬ ፈራሁ። ካላወቀ ደግሞ ትሸጣለች። ሁለቱን አመዛዝኜ አልነበረም፤ መሐላዬን ብቻ ነው ያሰብኩት። ፒካፑ ጋራዡ በር ላይ ሲደርስ «ቁጥር ሦስት» አለ። መሬት ላይ የተጣለ ትልቅ መፍቻ በሁለት እጄ አንስቼ የቆመ የጎማ ቸርኬ መደብደብ ጀመርኩ። ቋ፣ ቋ፣ ቋ። ጥርሴ ሁሉ እስኪንዘረዘር መታሁት። ፒካፑ እስኪርቅ አላቆምኩም።

አባዬ ከመኪናው ሥር ተንሸራቶ ወጣ። ፊቱ ላይ ዘይት ተንጠባጥቧል።

«ምን ሆነሻል አንቺ?»

«እየተጫወትኩ ነው።»

«ምንድን ነው የሚሉት እነዚያ?»

«የክትባት ቀን ነው አሉ።»

ትክ ብሎ አየኝ። እጁን በጨርቅ ጠረገ፤ ጥቁሩ አልወጣም። «እንግዲህ ሂጂ ተከተቢ» አለና ወደ ምሳው ዞረ።

እሑድ ጠዋት አባዬ «ሐራ ከተማ የውሃ መሳቢያ ሞተር ተበላሽቶ ተጠርቻለሁ፣ አመሻሽ ላይ ነው የምመለሰው» አለን። የሥራ ልብሱን ለብሶ፣ የመፍቻ ሻንጣውን ይዞ ወጣ። እታለም በሩን ዘግታ ግንባሯን በሩ ላይ አስደግፋ ተነፈሰች።

አዳራሹ ሞልቶ ሰው በመስኮት ተንጠልጥሎ ነበር። የቅቤ፣ የላብና የአዲስ ኖራ ሽታ ተደባልቋል። እኔ ከእማማ ዘሃራ ጋር የመድረኩ ጥግ፣ ከመጋረጃው አጠገብ ተቀመጥኩ። እማማ ዘሃራ በር ላይ የተሰጣቸውን ፍሬ መዳፋቸው ውስጥ ያንከባልሉታል። ልጅ ስለሆንኩ ለእኔ አልተሰጠኝም።

እታለም ስትወጣ አዳራሹ ጸጥ አለ። የእናቴን ቀሚስ ለብሳ እናቴን መሰለች። ከኋላዬ አንዲት ሴት «ይቺ የማናት?» ስትል ሌላዋ «የመካኒኩ የሙላት ናት፣ የእናቷን መልክ አታይም?» አለቻት። ዳኛው ብታሸንፊ ምን ታደርጊያለሽ ብሎ ጠየቃት።

«ተምሬ ሥራ እይዛለሁ። ከዚያ ትንሿን እህቴን እወስዳለሁ።»

ሰው አጨበጨበ። እኔ ግን የሰማሁት «እወስዳለሁ» የሚለውን ብቻ ነው። እኔም እንደምሸጥ ያኔ ገባኝ።

ሰው እየተሰለፈ ከመጋረጃው ኋላ ይገባ ጀመር። ፍሬ ጣሳ ሲነካ ጠብ የሚል ድምፅ አለው። እኔ ከአንሶላው ሥር ባለው ክፍተት እግሮችን አያለሁ። ብዙው እግር አራተኛው ጣሳ ላይ ይቆማል።

ሰልፉ ሊያልቅ ሲል ዝናብ ጣለ። የመስከረም መጨረሻ ዝናብ፣ ቆርቆሮው ላይ እንደ ጠጠር የሚወርድ። ጣሪያው ማፍሰስ ጀመረ። ሰው ወንበሩን እየጎተተ ይገፋፋል፣ መጋረጃውን የሚጠብቀው ወጣት ሞንታርቦውን ከውሃ ሊያሸሽ ሮጠ፣ በር ላይ ከዝናቡ የሚሸሽ ሰው ይጋፋል። በዚያ ግርግር ውስጥ የመጨረሻዎቹ ሰዎች ገብተው ጣሉ። ከዚያ እግር ጠፋ።

በአንሶላው ሥር ተንፏቅቄ ገባሁ። አራተኛው ጣሳ ከግማሽ በላይ ሞልቷል። እጄን ከትቼ ከላይ አንድ ጭብጥ ዘገንኩና ሹራቤ ኪስ ውስጥ ከተትኩ። ሌላ ጭብጥ ልደግም ስል የሰው ኮቴ ሰማሁ። ወጥቼ እማማ ዘሃራ ጎን ተቀመጥኩ።

«የት ነበርሽ?»

«ውሃው ነክቶኝ።»

ቆጠራው በሕዝብ ፊት ነው። አንድ ሽማግሌ ፍሬዎቹን ሰፌድ ላይ እያፈሰሱ ጮክ ብለው ቆጠሩ። ቁጥር ሁለት ቁጥር አራትን በሰባት ፍሬ በለጠች። ሽማግሌው ግን በር ላይ የተሰጠው ፍሬና ጣሳ ውስጥ የገባው አልገጥም አላቸውና አስተባባሪውን ጠሩት።

«ጎድሏል» አሉ።

አስተባባሪው ሳቀ። «አባቴ፣ የመርሳ ሰው ቦሎቄ ካገኘ ንፍሮ ያደርጋል እንጂ ይመርጣል?»

አዳራሹ በሳቅ ተናጋ። ሽማግሌው አልሳቁም፤ ሰፌዱን ደግመው ደጋግመው አዩት። እኔ ኪሴን በእጄ ጨብጫለሁ። ሳቁ ሲበርድ ውጤቱ ጸደቀ።

ዝናቡ ካባራ በኋላ ከወልድያ የመጣው ፎቶ አንሺ ውጭ ብርሃን አለ ብሎ ሁላችንንም ደጃፍ አሰለፈን። ፎቶው ይህ ነው። እታለም አላለቀሰችም። ያለቀሰችው ያሸነፈችው ልጅ ናት።

ቤት ገብተን እታለም ቀሚሱን አጥፋ ሳጥን ውስጥ መለሰችው። ከዚያ ሽሮ ልትሠራ እሳት አነደደች። ሽንኩርቱን እየከተፈች አንድ ጊዜ ብቻ ቢላዋውን አስቀምጣ ጣራውን አየች። እኔ ደስ ይለኛል ብዬ ጠብቄ ነበር። ደስ አላለኝም።

ጓሮ፣ ፓፓያው ሥር ሄጄ ኪሴን ገለበጥኩ። ቆጠርኳቸው፣ አሥራ አንድ ናቸው። አሥሩ እንደ ወተት ነጭ። አንዷ ላይ ጥቁር ነገር አለ። ጭቃ መስሎኝ በምራቄ አሸሁት፤ አልለቀቀም። ወደ አፍንጫዬ አስጠጋሁት። ግራሶ ነው። የአውራ ጣት መስመር በላዩ ታትሟል።

አባዬ አመሻሽ ላይ መጣ። የሥራ ልብሱ ትከሻው ላይ እርጥብ ነበር።

«ሐራም ዘነበ?» አለችው እታለም።

«ዘነበ» አለ። ተቀምጦ ሲያያት ቆየ። «ምሳ በልታችኋል?»

«በልተናል።»

ከዚያ ወደ እኔ ዞረ። «አንቺስ እጅሽን ከኪስሽ አታወጪም?»

«በርዶኝ ነው፣ አባዬ።»

አሥራ አንዱንም ፓፓያው ሥር ቀበርኳቸው። ከቀናት በኋላ በቀሉ። እታለም ማን እንደዘራው ሳታውቅ ውሃ ታጠጣው ጀመር፤ አባዬ ከጋራዥ ሽቦ አምጥቶ በእንጨት ደገፈው። ሲደርስ ተቀቅሎ በላነው። እኔ ሆዴን አመመኝ ብዬ አልቀመስኩም። በሚቀጥለው ዓመት አዳራሹ የእህል መጋዘን ሆነና ውድድሩ ቀረ። እታለም ወልድያ ሄዳ የጽሕፈት መኪና አልተማረችም። ነገሩን አባዬም አላነሳ፣ እሷም አላነሳች። ወሬው በኋላ በሰው በኩል እንደደረሰውና ተቆጥቶ ዝም እንዳለ ታስብ ነበር። ሲሞት፣ ልቅሶው ላይ፣ «እንደዚያ ለብሼ አንድ ቀን እንኳ ሳታየኝ» እያለች አለቀሰች። እኔ አጠገቧ ቆሜ ነበር። እጄ ኪሴ ውስጥ ነበር።

ያለፈው እሑድ እታለም ከምትኖርበት ከሲሪንቃ መጣች። በቆሎና ቦሎቄ ቀቅዬ አቀረብኩላት። ንፍሮ ባየች ቁጥር የዚያን አስተባባሪ ቀልድ እያስታወሰች የምትለው ነገር አላት።

«ድምፄን ቀቅለሽ አቀረብሽልኝ?» አለችና ዘገነች።

ሰላም ሳቀች። እኔ አልሳቅሁም።

«እታለም፣ የመርሳ ሰው አይደለም የበላው። እኔ ነኝ የወሰድኩት።»

እጇ አፏ ጋ ሳይደርስ ቆመ። «ምኑን?»

«ከጣሳሽ። ዝናቡ ሲጥል ገብቼ። ይሸጡሻል ብዬ ነበር፣ እንደ በግ። ጥርስሽን ሲያዩሽ አይቼ...»

«ስንት?»

«አሥራ አንድ።»

«በሰባት ነው የተሸነፍኩት።»

«አውቃለሁ።»

ሰላም ስልኳን አስቀመጠች። እታለም የዘገነችውን ንፍሮ ቀስ ብላ ሳህኑ ላይ መለሰችው። ትቆጣለች ብዬ ጠበቅሁ፤ ብትቆጣ ይሻለኝ ነበር። ቶሎ ብዬ ቀጠልኩ።

«አንዷ ፍሬ ግራሶ ነክቷት ነበር። የጣት አሻራ አለባት። ከላይ ነው የዘገንኩት፣ መጨረሻ ላይ ከገቡት።»

«የምን ግራሶ?»

«የአባዬ።»

«አባዬ ሐራ ነበር።»

«አልነበረም፣ እታለም።»

ስለ ወልድያ፣ ስለ ጽሕፈት መኪናው፣ ስለ ሰባቱ ፍሬ ምንም አልጠየቀችኝም።

«የት ጋ ቆሞ ነበር?» አለችኝ።

«አላየሁትም።»

«በር ላይ ይሆናል። ዘግይቶ ከመጣ በር ላይ ነው የሚሆነው።»

ተነስቼ ፎቶውን ከሳጥኑ አመጣሁላት። ሰላም በስልኳ አንስታ በሁለት ጣቷ አጎላችው፤ ከኋላ ያሉት ሰዎች ፊት እየሰፋ ነጠብጣብ ብቻ ሆነ። «ተዪው ልጄ» አለቻት እታለም። ወረቀቱን ይዛ ብርሃን ወዳለበት ወደ ደጃፉ ወጣች። ጀርባዋን ሰጥታን ቆማ፣ በሩን ከሞሉት ሰዎች ላይ በጥፍሯ ጫፍ አንዱን ራስ ከሌላው እየለየች ትፈልግ ጀመር።